ተው ባይ የበዛበት ሰው

እኛ ቤት አንድ ሰው አፉን ከፍቶ «እንዲህ ላደርግ ነው» ካለ፣ ነገሩ ምንም ይሁን ምን፣ መጀመሪያ የሚመጣለት መልስ «ተው» ነው። እናቴ የወጥ ቤቱን ግድግዳ አረንጓዴ ላስቀባ ብትል «ተይ» ተባለች። ታላቅ ወንድሜ ጢም ላሳድግ ቢል «ተው» ተባለ። እኔ ነርስነት ልማር ብል «ተይ» ተባልኩና ይኸው እስከ ዛሬ ከአባቴ ጎን ቆሜ የሰው አንሶላ እተኩሳለሁ። ማንም በክፋት አይለውም። ሌላው ቤት ጠዋት «እንዴት አደራችሁ» እንደሚባለው፣ የእኛ ሰው «ተው» ይላል።

ቃሉ ደግሞ አንድ ዓይነት ብቻ እንዳይመስላችሁ። እናቴ ስትለው ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ መሬት መሬቱን እያየች ነው፤ የሰማ ሰው የገዛ እናቱን የገፈተረ ይመስለዋል። ወንድምጋሼ መድኃኒት ቤት ስላለው የእሱ «ተው» እንደ ክኒን ነው፤ ከምግብ በፊትና ከምግብ በኋላ ይሰጣል፣ ምክንያቱም አብሮ ይደረደራል። አክስቴ፣ የእናቴ እህት፣ «አፈር ስሆን» ሳትል ጀምራ አታውቅም፤ እስከ ዛሬ ስንት ጊዜ አፈር እንደሆነች ራሷም አታውቀው። «ኧረ ተው» ሲረዝም አላምንህም ማለት ነው። «ተው ብያለሁ» ሲያጥር ነገር ሊመጣ ነው። ከሁሉም የሚከፋው ግን «ተዉት» ነው። እሱ ከመጣ ሰውየው ከቤተሰቡ ልብ ወጥቷል፤ ከእንግዲህ ገደል ቢገባም የሚጎትተው የለም።

ሕግም አለው። ተው የተባለ ሰው ወዲያው አይተውም፤ ወዲያው ከተወ መጀመሪያውኑ የምሩን አልነበረም ማለት ነው። አንደኛው ሰው ተው ሲለው ይቆጣል። ሁለተኛው ሲለው ያመነታል። ሦስተኛው ሲለው ግን መመለስ አለበት፤ ሦስት ሰው ለምኖት የሄደ ሦስቱንም ንቋል። የአያቴ ወንድም ሦስት ተው ረግጦ አንዲት ሴት እንዳገባ እስከ ዛሬ ይወራል፤ ሴትዮዋ መልካም ሴት ነበረች፤ ቢሆንም ይወራል። እኔ ደግሞ ሦስተኛዋ ነኝ። «ገላጋይ» ብለው ስም አውጥተውልኛል። እናቴ ሞክራ፣ ወንድምጋሼ ሞክሮ ሲያቅታቸው «ገላጋይን ጥሩ» ይባላል። ካውያዬን አስቀምጬ እሄድና «በሞቴ» እላለሁ። ሰውየው ይመለሳል። እኔም ወደ ካውያዬ እመለሳለሁ፤ በዚህ መሀል አንድ ቦታ አንድ ሸሚዝ አሯል።

ከሁሉም በላይ ያሰለቸኝ የአባቴ ጉዳይ ነበር።

አባቴና አጎቴ ይህን ላውንድሪ ቤት አብረው ነው የከፈቱት። የተጣሉበትን ምክንያት ለሰው መናገር ያሳፍረኛል። ትልቁ የእንፋሎት መተኮሻ ማሽን የት ይቀመጥ በሚል ነው። አባቴ፣ ቀኑን ሙሉ ቆሞ የሚተኩስ ሰው መንገዱን እያየ ሊሠራ ይገባዋል፣ መስኮቱ ጋ ይሁን አለ። አጎቴ፣ መስኮቱ ጋ ከሆነ እንፋሎቱ መስታወቱን ይሸፍነዋል፣ ደንበኛ ውስጡን አያይም፣ ግድግዳው ጋ ይሁን አለ። ከማሽኑ ወደ ቃላት፣ ከቃላት ወደ ድሮ ነገር ሄዱ። አጎቴ «ያለ እኔ አንድ ኮሌታ አትተኩስም» አለው። አባቴ «ያለ አንተ አየር አገኛለሁ» አለው። አጎቴ በአውቶቡስ ግማሽ ቀን ወደሚያስኬድ ሌላ ከተማ ሄዶ የራሱን ላውንድሪ ከፈተ። ካፈርኩ አይመልሰኝ እንደሚባለው ሁለቱም አልተመለሱም። ማሽኑ መስኮታችን ጋ ቀረ። መስታወቱም ከዚያን ጊዜ ጀምሮ እንደተሸፈነ ነው፤ አባቴ መንገዱን ለማየት በመዳፉ መጥረግ አለበት።

ከዚያ ወዲህ በዓመት አንዴ፣ አንዳንዴም ሁለቴ፣ አባቴ ከቁም ሣጥኑ ላይ ሻንጣውን ያወርዳል። መቆለፊያው ስለተሰበረ በሱሪ ቀበቶ ነው የሚታሰረው። ሻንጣውን ሱቁ መሀል ያቆምና «ሄጄ ልክ ልኩን ነግሬው እመጣለሁ» ይላል። ያዙኝ ልቀቁኝ ይጀመራል። እናቴ ተው ትላለች፣ ወንድምጋሼ ተው ይላል፣ እኔ ካውያዬን አስቀምጬ ተው እላለሁ። ሦስት ሲሞላ ቀበቶውን ይፈታል። ከዚያ ሳምንት ሙሉ ያኮርፈናል። ከጠብ የዳነ ሰው ስለ ምን ያኮርፋል ብሎ የጠየቀ አንድም ሰው አልነበረም።

ሌላም አመል አለው። መጨረሻው ዘንግ ላይ ቁጥር ያልተለጠፈበት አንድ ነጭ ሸሚዝ ተሰቅሎ ይኖራል። ባለቤቱ ማነው ብዬ ስጠይቀው «ተዪው» ይለኛል። ቦታ ያዘብን፣ ልስጠው ስል «ተዪው»። አንዳንድ ቀን አውርዶ በእጁ ያጥበዋል፣ ራሱ ይተኩሰዋል፣ መልሶ ይሰቅለዋል። ሽማግሌ አንድ ሺህ አመል አለው ብዬ ተውኩት።

ዘንድሮ አንድ የአውቶቡስ ሹፌር ካፖርቱን ሊወስድ መጥቶ ባንኮኒው ላይ ተደገፈና ለአባቴ ወሬ ነገረው። አጎቴ ሱቁ ውስጥ ወድቆ ተገኝቷል። ግማሽ አካሉ አይታዘዝለትም። ሚስት አላገባ፣ ልጅ አልወለደ፤ የጎረቤት ልብስ ሰፊ ናት አልፎ አልፎ እየገባች የምታየው። «ብዙም የሚቆዩ አይመስሉ» አለ ሹፌሩ። አባቴ መተኮሱን አላቆመም። ካፖርቱን አጥፎ ሰጠው፤ «መንገድህን ያቅናልህ» አለው። በማግሥቱ ጠዋት ሻንጣው ወረደ።

እናቴ አባቴ እንዳይሰማን ወደ ጓዳ ስባኝ ገባች። «ስሚኝ» አለችኝ። «ወንድሙ ሳይታረቀው ቢሞት አንድ ነገር ነው፤ ከዚህ በፊትም አልታረቁም። ሄዶ ሰድቦት፣ ሰውየው በነጋታው ቢሞት ግን አባትሽ ከዚያ ወዲያ ሰው አይሆንም። አውቀዋለሁ። ስለዚህ ዛሬ እንዳይሄድ።»

«እናንተ ቀድማችሁ በሉት» አልኳት። «እኔ ሥራ አለኝ።»

«እኛማ እንለዋለን። አንቺን ነው የሚሰማው።»

ያን ቀን ደግሞ ቀኑ ቀን አልነበረም። የሆቴሉ ሰው የጠረጴዛ ልብሱን ሳልወስድ አልሄድም ብሎ ወንበር ይዞ ተቀምጧል። የማሽኑ ቧንቧ ተንፍሶ እግሬ ሥር ያፏጫል። አንዲት ደንበኛ «ስሰጣችሁ አዝራሩ ሙሉ ነበር» እያለች የኮቷን ደረት ዓይኔ ሥር ታመጣለች። በዚህ መሀል አባቴ ሻንጣውን አምጥቶ ማሽኑ አጠገብ አቆመና የቀበቶውን ቀዳዳ አንድ ጨመረ።

«ሄጄ ልክ ልኩን ነግሬው እመጣለሁ» አለ።

«ተው፣ አንተ ሰው» አለች እናቴ። «በሽተኛ ነው።»

«ስለታመመ ጥፋቱ ቀረለት?»

ይሄ አንድ። ወንድምጋሼ በስልክ ተጠርቶ ነጭ ጋዎኑን ሳያወልቅ ደረሰ። «አባዬ፣ ተው። ግፊትህን አስበው። መንገዱ ያደክምሃል፤ ደክሞህ ትደርሳለህ፤ ደርሰህ ትናደዳለህ፤ ተናደህ ትወድቃለህ። ከዚያ አንድ ሱቅ ውስጥ ሁለት በሽተኛ ይሆናል።»

«ጨረስክ?» አለው አባቴ።

ሁለት። አክስቴ ከቤቷ ሆና በስልክ ገባች፤ እናቴ ድምፁን ከፍታ ስልኩን እንደ ሳህን ፊቱ ዘረጋችለት። «አፈር ስሆን፣ አፈር ስሆን ተው። የሞት አፋፍ ላይ ያለ ሰው አይሰደብም። አፈር ስሆን።»

ሦስት ሞላ። አባቴ ቀበቶውን መፍታት ነበረበት። አልፈታም። መስታወቱን በመዳፉ ጠረገና መንገዱን ማየት ጀመረ።

እንዲህ ያለ ነገር በቤታችን ታይቶ አይታወቅም። እናቴ በአገጯ ወደ እኔ ጠቆመች። ወንድምጋሼ በክርኑ ጎሸመኝ። «በይው እንጂ።» አክስቴ ከእናቴ እጅ ውስጥ «ልጅቷስ የት አባቷ ሄደች? እሷ ትበለው» ትላለች። የሆቴሉ ሰው ሳይቀር «አባት፣ ተው ሲሉዎት ይስሙ» አለ። የአዝራሯ ሴትዮ ተከተለችው፦ «እኔም ባላውቃቸውም ይተዉ እላለሁ። አዝራሬስ?»

ልቤ ውልቅ አለ። ካውያውን ማስቀመጫው ላይ ወረወርኩት።

«ሂድ» አልኩት።

አባቴ ከመስታወቱ ዞረ።

«ሂድ፣ አባዬ። ሂድና የምትለውን በለው። ስድብም ከሆነ ስደበው። ዱላም ከሆነ ይኸው ካውያው፣ ያዝ። በየዓመቱ ይቺን ሻንጣ እያወረድክ ጨጓራችንን ከምትልጠው አንዴ ሄደህ ይውጣልህ። እኔ ተው ማለት ሰልችቶኛል። ለአንተም አልል፣ ለማንም አልል። በቃኝ።»

አፍ ሲያመልጥና ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይባላል። የአባቴ ራስ ሲመለጥ ቢያንስ ማበጠሪያው ያውቅ ነበር። የእኔን አፍ ማምለጥ ያወቅሁት ሱቁ ውስጥ የቧንቧው ፉጨት ብቻ ሲሰማ ነው።

አባቴ ይቆጣል ብዬ ነበር። አልተቆጣም። ሽርጡን አወለቀ፣ እንደ ሥራ ልብስ ሳይሆን እንደ ደንበኛ ልብስ አጠፈው፣ ማሽኑ ላይ አስቀመጠው። ከዚያ ወደ መጨረሻው ዘንግ ሄደና ያንን ነጭ ሸሚዝ ከነመስቀያው አወረደ። ላስቲክ አለበሰው፣ ክንዱ ላይ አንጠለጠለው፣ በሌላ እጁ ሻንጣውን አነሣ። «ቧንቧውን በእርጥብ ጨርቅ እሰሪው» አለኝ፤ ወጣ።

እናቴ ወንበር ላይ ቁጭ አለች። «ያ ሸሚዝ የወንድሙ ነው እኮ» አለች፣ ቀስ ብላ። «የተጣሉ ቀን እርጥቡን ትቶት የሄደው።»

«ታዲያ ምን ሊያደርግበት ነው?»

«ፊቱ ላይ ሊወረውርለት ነዋ» አለ ወንድምጋሼ። «ሌላ ምን ሊያደርግበት?»

ሁላችንም ይህንን አመንን። እኔ ራሴ አመንኩ። እንግዲህ ሸሚዝ ለመወርወር ይህን ሁሉ ዓመት አጥቦ መተኮስ ያስፈልግ እንደሆነ ያሰበ ሰው እዚያ ሱቅ ውስጥ አልነበረም፤ ሁላችንም ልብስ ተኳሾችና ዘመዶቻቸው ነን።

ከዚያ በኋላ ያሉትን ቀናት አታንሡብኝ። አባቴ ስልኩን ባትሪ እንዳያልቅበት አጥፍቶ ነው የሚይዘው፤ ሲደውልም ሲደወልለትም አይሠራም። አክስቴ በየሰዓቱ እየደወለች «ወሬ አለ?» ትለኛለች፤ የለም ስላት «ሂድ ያለው ሰው ነው ወሬ ማምጣት ያለበት» ብላ ትዘጋለች። ጎረቤቱ ፀጉር አስተካካይ ምላጩን እንደያዘ ብቅ ይልና «ሂድ አልሽው አሉ?» ይለኛል፤ እንደ ገደልኩት ሁሉ። እናቴ በሩን በሩን ታያለች፤ ያ ይብሳል። ምከረው ምከረው፣ እንቢ ካለ መከራ ይምከረው የሚል ሰው እንኳ መክሮ ነው፤ እኔ ሳልመክር ለመከራው አሳልፌ የሰጠሁት ሆንኩ። ወንድምጋሼ በመጨረሻ፣ እየሰማሁት፣ እናቴን «ተዪያት» አላት። እኔን። ይህን ሁሉ ዓመት ስንቱን ሰው ከስንት ገደል አፋፍ መልሼ፣ እኔ ላይ «ተዪያት» ተባለ።

እንደሚሆን ያወቅሁት ሆነ። እናቴ አንድ ጠዋት መጥታ «ሂጂና አምጪው» አለችኝ። «ቀባሪ ከሆነም ለብቻው አይቅበር።»

በአውቶቡሱ መንገዱን ሁሉ እየተቆጣሁ ሄድኩ። አባቴን ተቆጣሁ፣ አጎቴን ተቆጣሁ፣ ማሽኑን የሠራውን ፋብሪካ ሳይቀር ተቆጣሁ። ደርሼ ሞቶ ባገኘው ለአባቴ ምን እንደምለው አሰብኩ። «ሂድ» ያልኩት እኔ ነኝ፤ ስድቡ የአባቴ ቢሆን የመንገዱ ፈቃድ የእኔ ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ ንዴቴ ከላዬ ሄደና ፍርሃት ብቻውን ቀረ።

የአጎቴን ሱቅ የአካባቢው ሰው በቀላሉ አሳየኝ። ጠባብ ቤት ናት፣ ግን መስኮቷ ሰፊ ነው፤ መስታወቱም ጥርት ያለ። ከመንገዱ ማዶ ቆሜ ውስጡ ሁሉ ታየኝ። ማሽኑ ከኋላ፣ ግድግዳው ጋ ነው። አባቴ ሽርጥ አድርጎ ይተኩሳል። መስኮቱ አጠገብ ባለ ክንድ ወንበር ላይ አንድ የከሳ ሽማግሌ ተቀምጧል። ያንን ነጭ ሸሚዝ ለብሷል። ሰፍቶታል፤ አዝራሮቹም አንድ ቀዳዳ ዘለው ነው የተቆለፉት፤ የአባቴ አቆላለፍ ነው። በደህና እጁ ወደ ማሽኑ እየጠቆመ ይናገራል። አባቴ ፊቱን አዙሮ ይመልስለታል። ሁለቱም ፊታቸው ተኮሳትሯል። መንገዱን የተሻገርኩት እየሮጥኩ ነው።

በሩን ስከፍት አጎቴ «ኮሌታው... ቀድሞ» እያለ ነበር፤ ምላሱ ይጎተታል፣ አፉ ወደ አንድ ጎን ወርዷል።

«ኮሌታ አተኳኮስ አንተ ልታስተምረኝ ነው?» ይላል አባቴ።

«ታዲያ... አታውቅ።»

አባቴ አየኝ። «ምን ልታደርጊ መጣሽ? ማሽኑን ለማን ጥለሽ?»

«አንተን ልመልስ ተልኬ።»

«አልመለስም። እስኪሻለው አለሁ።» የሚተኩሰውን ሸሚዝ ገለበጠ። «ባይሻለውም አለሁ።»

አጎቴን ጉንጩን ሳምኩት። በደህና እጁ ራሴን ያዘና ረጅም ጊዜ አልለቀቀኝም። የሳሙና ሽታው ልክ እንደ አባቴ ነው። ከዚያ አባቴን ወደ ጓዳው፣ ወደ መዘፍዘፊያው ገንዳ ጎተትኩት። የሰው ካልሲ ይጨምቃል፤ እኔም ከልማዴ ሌላውን አንሥቼ መጭመቅ ጀመርኩ።

«አባዬ» አልኩት። «ልትሰድበው አልነበረም የመጣኸው።»

«አልነበረም።»

«ስንት ዓመት ሙሉ?»

«ስንት ዓመት ሙሉ።»

«ታዲያ ወንድሜ ናፈቀኝ አይባልም? ልታረቀው ነው አይባልም? ልክ ልኩን ልነግረው ስትል ለጠብ የምትሄድ መስሎን እኮ ነው የምንይዝህ።»

«እኔንም አንዳንዴ ይመስለኝ ነበር» አለ። ካልሲውን ዘረጋና አየው። «ናፈቀኝ ማለት እንዴት ነው? ያንን ሁሉ ተናግሬ፣ በእናንተ ፊት?»

ደሜ ፈላ። ይህን ሁሉ ዓመት እኛ የጠብ በር ስንዘጋ የዕርቅ በር ነው ለካ የምንዘጋው። በእሱም ተናደድኩ፤ በእኛም። በዓመት ሁለቴ ሻንጣ አውርዶ ከሚያኮርፍ ሰው ይህንን መረዳት ያቃተን፣ ተው ማለቱን እንጂ ለምን እንደምንለው ማሰቡን ስለተውን ነው። እውነቱን ልነግረው ፈለግሁ።

«እኔ ሂድ ያልኩህ ገብቶኝ እንዳይመስልህ» አልኩት። «ተናድጄ ነው። ሰልችተኸኝ ነው።»

«አውቃለሁ።»

«ታውቃለህ?»

«መቼ ትናደድ ይሆን እያልኩ ስጠብቅሽ ነው የኖርኩት። እናትሽ አትናደድም። ወንድምሽ ሲናደድ ክኒን ይውጣል። አንድ ቀን ይወጣላታል ያልኩት አንቺን ብቻ ነው። ሦስት ሰው ረግጬ እንዳልሄድ ነውር ነው፤ አንድ ሰው ሂድ ካለኝ ግን ተልኬ ሄድኩ ማለት ነው።» ካልሲውን ገመዱ ላይ ሰቀለ። ጀርባውን ሰጥቶኝ ነው የቀረውን የተናገረው። «ደግሞ ተው ስትሉኝ ቅር ይለኝና ደስም ይለኝ ነበር። ደርሼ በሩን ቢዘጋብኝስ? እናንተ ተው ካላችሁኝ የቀረሁት ፈርቼ ሳይሆን አክብሬያችሁ ነው። ለዚያ ነው ሳምንት ሙሉ የማኮርፈው። እናንተን ሳይሆን ራሴን ነበር።»

ልቆጣው ወይስ ላቅፈው ቸገረኝ። በእርጥብ እጄ ትከሻውን ያዝኩት።

«ስትመጣ ምን አለህ?»

«አልጋ ላይ ነበር። አየኝ፣ አየኝና ‹ለምን ቆየህ› አለኝ።»

«ምን መለስክለት?»

«ተው ባይ በዛብኝ አልኩት።» ከገመዱ የሚንጠባጠበው ውኃ ጫማው ላይ ይወርዳል። «‹እኔ ጋ አንድም አልነበረ› አለኝ። ከመውደቁ በፊት ራሱን ሲያመው ከርሟል። እያዞረውም ቆሞ ይተኩሳል፣ ጥቅል ብቻውን ይሸከማል። ዛሬስ ተው፣ ዛሬስ ዕረፍ የሚለው ሰው የለ። ታዲያ ቂም ይዞ አይደለም የነገረኝ፤ ቁጭ ብሎ እንደ ሌላ ሰው ወሬ ነው የነገረኝ።»

የሰዉን ካልሲ ጨምቀን ጨረስን። ለእናቴ ደውዬ «ደህና ናቸው፣ እየተጣሉ ነው» አልኳት፤ እናቴ ማልቀስ ጀመረች፤ አክስቴ ከኋላ «ማነው የሞተው?» ስትል ሰማሁ።

የመመለሻዬ አውቶቡስ ሰዓት ሲደርስ ቦርሳዬን ያዝኩ። አጎቴ አየና ደህና እጁን የወንበሩ ክንድ ላይ ተከለ። «ልሸኝሽ» አለኝ። ትከሻው ተንቀጠቀጠ። ሊነሣ እንደማይችል እሱም፣ አባቴም፣ እኔም እናውቃለን።

«ተው። ትወድቃለህ» አለ አባቴ ከማሽኑ ሆኖ፣ ሳይዞር።

አጎቴ ተቀመጠ። የሚታዘዝለት ግማሽ ፊቱ ፈገግ አለ። ትንፋሹን ሰበሰበና እጁን እንደገና ተከለ፤ ዓይኑ አባቴ ላይ ነው።

«ተው አልኩህ እኮ። አንተ ሰውዬ ጆሮ የለህም?»

ተቀመጠ። ደክሞታል፤ ግንባሩ ላይ ላብ ችፍ ብሏል። እጁን ግን ከወንበሩ ክንድ ላይ አላነሣም። አሁን የሚያየው እኔን ነው። ሕጉ ከእነሱ አባት ቤት ነው የመጣው፤ ስንት እንደቀረው ከእኔ በላይ ያውቃል።

ለማንም አልልም ብዬ የማልኩት በቅርቡ ነበር፤ ያውም በደንበኛ ፊት። ቦርሳዬን መሬት ላይ አስቀመጥኩ።

«ኧረ ተው፣ አጎቴ» አልኩት። «በሞቴ፣ ተቀመጥ።»

እጁን ከወንበሩ ላይ አነሣ። የሸሚዙን ኮሌታ አስተካከለና ጀርባውን ደገፍ አደረገ።